ገና ለገና ይጠፋል

ፍርድ ቤት አብዛኛውን ጊዜ የሚመረምረው ያለፈን ነገር ነው። ማን ሰረቀ፣ ማን መታ፣ ውሉን ማን አፈረሰ ብሎ ይጠይቃል፤ ምስክር ይሰማል፣ ሰነድ ያገላብጣል። የዋስትና ጥያቄ ሲቀርብለት ግን የሚመረምረው ገና ያልሆነውን ነው። በ1954 ዓ.ም. የወጣው የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ በአንቀጽ 67 ሦስት የክልከላ ምክንያቶችን ይዘረዝራል፦ አመልካቹ የዋስትና ግዴታውን የሚያከብር ካልመሰለ፣ ቢለቀቅ ሌላ ወንጀል ይሠራል ተብሎ ከተሠጋ፣ ወይም ምስክር ያባብላል፣ ማስረጃ ያጠፋል ተብሎ ከታመነ። ሦስቱም ያልተደረጉ ነገሮች ናቸው። ዳኛው ዋስትና ሲከለክል ስለ ሰውየው ነገ ይተነብያል፤ በዚያ ትንቢትም ጥፋተኛ ያልተባለ ሰው ይታሰራል። ታዲያ እንዲህ ያለው ውሳኔ ስሕተት መሆኑ በምን ይታወቃል? በዋስትና ክልከላ ላይ የሚቀርብ ይግባኝ ለምን እንደሚያስፈልግ የሚገባን ይህን ስንመልስ ነው።

ተለቆ የጠፋ ተከሳሽ የዳኛውን ስሕተት በአደባባይ ያጋልጣል፤ መዝገቡ ሲጠራ እሱ የለም። ቢለቀቅ ኖሮ በየቀጠሮው ይቀርብ የነበረ ሰው ታስሮ ሲቀር ግን ስሕተቱን የሚያሳይ አንዳች ነገር አይኖርም። ከማረሚያ ቤት በፖሊስ ታጅቦ ስለሚመጣ ቀጠሮ ማክበር አለማክበሩ አይፈተንም። በኋላ ነጻ ቢባል እንኳ ክሱ አልተረጋገጠም ማለት እንጂ ሥጋቱ ከንቱ ነበር ማለት አይደለም። ስለዚህ ዳኛ ከልምድ የሚማረው ከአንዱ ዓይነት ስሕተት ብቻ ነው፤ የሚወቀሰውም በለቀቀው እንጂ ባሰረው አይደለም። በቀድሞው የቁራኛ ልማድ ከሳሽና ተከሳሽ አብረው ስለሚታሰሩ የእስሩን ሸክም ከሳሹም ይቀምሰው ነበር። ዛሬ ሸክሙ የአንድ ወገን ብቻ ነው። እንዲህ ባለ ሁኔታ ማንም ክፉ ሳያስብ ሚዛኑ ወደ ክልከላ ያዘነብላል።

ጊዜ የማያርመውን ውሳኔ ማረም የሚቻለው የቆመበትን ምክንያት በመመርመር ብቻ ነው። የሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 75 ዋስትና የተከለከለ ሰው በ20 ቀን ውስጥ ይግባኝ ለሚሰማው ፍርድ ቤት በጽሑፍ እንዲያመለክት የፈቀደው በከንቱ አይደለም። በቀጠሮ አሰጣጥ ወይም በማስረጃ ተቀባይነት ላይ በክርክሩ መሃል የተሰጠ ትእዛዝ ቅር ያሰኘው ወገን የመጨረሻውን ፍርድ መጠበቅ አለበት፤ ያኔ ስሕተቱ ሊታረም ይችላል። በእስር ያለፈ ወር ግን በየትኛውም ፍርድ አይመለስም። በ1987 ዓ.ም. የጸደቀው ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 19(6) ዋስትናን መብት፣ ክልከላውን ደግሞ በሕግ የተደነገገ ልዩ ሁኔታ አድርጎታል። እንግዲህ የማስረዳት ሸክሙ ይታሰር በሚለው ወገን ላይ ነው። የይግባኝ ዳኛ ሥራም በፊተኛው ትንቢት ላይ የራሱን ትንቢት መደረብ ሳይሆን ሥጋቱ በምን ላይ እንደቆመ መጠየቅ ነው። ተከሳሹ ከዚህ ቀደም ቀጠሮ አጓድሏል? ምስክር ለማስፈራራት ሞክሯል? «ቢለቀቅ ሊጠፋ ይችላል» የሚለው ብቻውን ለማንም ሰው የሚነገር ነው፤ ለሁሉም የሚገጥም ምክንያት ደግሞ አንዱን ለይቶ ለማሰር አይበቃም።

ተከሳሹን በዓይኑ ያየው፣ የአካባቢውን ሁኔታ የሚያውቀው የሥር ፍርድ ቤት ዳኛ ነው፤ መዝገብ ብቻ የሚያነብ የበላይ ፍርድ ቤት ምን ያውቃል? ተብሎ ይጠየቅ ይሆናል። ሆኖም ዳኛው ያየው ነገር ሰውን የሚያሳስር ከሆነ ሊጻፍም ይገባል፤ ሊጻፍ የማይችል ግምት መልስ ሊሰጥበትም አይቻልም። ሥጋቱ እውነተኛ የሚሆንበት ጊዜ መኖሩም አይካድም። ምስክሩና ተከሳሹ የአንድ ቀበሌ ሰዎች ሲሆኑ ማስፈራራት ቀላል ነው። ነገር ግን ሕገ መንግሥቱ ራሱ ከክልከላው ሌላ በቂ የዋስትና ማረጋገጫ የማስቀረብን መንገድ አስቀምጧል። ከአገር እንዳይወጣ ማገድ ወይም በየጊዜው ፖሊስ ጣቢያ እንዲቀርብ ማዘዝ ለምን እንደማይበቃ ሳይገለጽ ወደ እስር መዝለል አይገባም።

ከሁሉም የሚከብደው ክልከላውን ሕጉ ራሱ ሲደነግገው ነው። በ1993 ዓ.ም. የቀድሞው የመከላከያ ሚኒስትር ስዬ አብርሃ በሙስና ተጠርጥረው ሲታሰሩ ዳኛ ብርቱካን ሚደቅሳ ዋስትና ፈቀዱላቸው፤ ስዬ ግን ወዲያው ተመልሰው ታሰሩ፣ ሕግ አውጪው ምክር ቤትም ለሙስና ተጠርጣሪዎች ዋስትናን የሚከለክል አዋጅ አወጣ። ሕግ አውጪው ከወሰነ ይግባኙ ምን ይመረምራል? እንዲህ ያለ ክልከላ ውሳኔውን ከዳኛው እጅ አውጥቶ የክሱን አንቀጽ ለሚመርጠው ዐቃቤ ሕግ ያስረክባል። ስለዚህ የይግባኝ ፍርድ ቤቱ ቢያንስ በክሱ የተዘረዘረው ድርጊት ከተጠቀሰው አንቀጽ ጋር መግጠም አለመግጠሙን መመርመር አለበት፤ አለዚያ አንቀጽ መጥቀስ ብቻውን የእስር ትእዛዝ ይሆናል። ይግባኝ ነገ የሚሆነውን ሊያሳውቅ አይችልም። የሚችለው ሥጋቱ ሐሰት ቢሆን ሐሰትነቱን ማሳየት በሚቻልበት መልኩ እንዲጻፍ ማስገደድ ነው፤ በዚያ መልኩ ሊጻፍ ያልቻለ ሥጋት ማንንም ሊያሳስር አይገባም።