የቤት ብድርና ገና ያልመጣው ዘመን

ሜኔሊክ አደባባይ በሚገኝበት በጅቡቲ መሀል ከተማ፣ በወለድ የሚያበድሩ ባንኮችና ወለድን እርም ያሉ ባንኮች ጎረቤታሞች ናቸው፤ እንደ ንግድና ኢንዱስትሪ ባንክ ቀይ ባሕር ያሉት በፈረንሳይ የባንክ ልማድ የተቀረጹ ሲሆኑ፣ ሰላም አፍሪካን ባንክን የመሰሉት ደግሞ ሥራቸውን በሸሪዓ ላይ የመሠረቱ ናቸው። ቤት ለመግዛት ገንዘብ የጎደለው የከተማዋ ነዋሪ፣ ጅቡቲያዊም ይሁን በወደብና በትራንዚት ሥራ የሚተዳደር ኢትዮጵያዊ፣ ከአንዱ ወጥቶ ወደ ሌላው ሲገባ የሚነገረው ወርኃዊ ክፍያ ተቀራራቢ ሊሆን ይችላል። አንዱ ውል በሃይማኖት ዓይን ኃጢአት፣ ሌላው ንጹሕ ንግድ ሆኖ ሳለ ከደመወዝ የሚቆረጠው ገንዘብ እኩል ከሆነ፣ በሁለቱ መካከል አለ የተባለው ልዩነት የሚገኘው ከቁጥሩ ውጭ መሆን አለበት፤ ወይም ከነጭራሹ የለም። የቤት ብድር በረጅም ዘመን በእርግጥ ምን ያስከፍላል የሚለው ጥያቄ ከዚህ ላይ ቢነሣ ይሻላል።

ሒሳቡ ግን መቅደም አለበት። አንድ ሰው 10 ሚሊዮን የጅቡቲ ፍራንክ በዓመት 8 በመቶ ወለድ፣ በ20 ዓመት በእኩል ወርኃዊ ክፍያ ሊመልስ ተበደረ ቢባል (ተመኑ ለስሌት የተወሰደ እንጂ የማንም ባንክ አይደለም)፣ በየወሩ የሚከፍለው 83,644 ፍራንክ ያህል ሲሆን፣ 240 ወር ሲሞላ ከእጁ የወጣው ከ20 ሚሊዮን ያልፋል። ክፍያው በየወሩ እኩል ቢሆንም በውስጡ ያለው ድርሻ እኩል አይደለም፤ ወለዱ የሚሰላው ባልተከፈለው ዕዳ ላይ ስለሆነ፣ ከመጀመሪያው ወር ክፍያ 66,667 ፍራንኩ ለወለድ ሄዶ ዋናውን ገንዘብ፣ ማለትም በእጅ የተቀበለውን ብድር፣ የሚቀንሰው 16,977 ብቻ ነው። 10 ዓመት ሙሉ አንድም ወር ሳያዛንፍ የከፈለ ተበዳሪ ከተበደረው በላይ፣ ከ10 ሚሊዮን የሚበልጥ፣ ከፍሎ ሳለ ገና 6.9 ሚሊዮን ያህል ዕዳ አለበት፤ የዋናው ገንዘብ እኩሌታ የሚወርድለትም በ14ኛው ዓመት ነው። ያንኑ ብድር በ10 ዓመት ለመክፈል ቢዋዋል ወርኃዊ ክፍያው ወደ 121,328 ፍራንክ ከፍ ይላል፤ ጠቅላላው ወለድ ግን ከ10 ሚሊዮን ወደ 4.56 ሚሊዮን ገደማ ይወርዳል። ተበዳሪው በየወሩ ከ37,000 ፍራንክ በላይ እንዲቀልለት ሲል 10 ተጨማሪ ዓመታትን ለአበዳሪው ያስይዛል ማለት ነው።

ይህ ስሌት ብዙ ጊዜ ለማስደንገጫ ይቀርባል፤ አቀራረቡ ግን ግማሽ እውነት ነው። በ13ኛው ክፍለ ዘመን የኖረው ቶማስ አኲናስ ስለ አራጣ በጻፈው ክፍል እንዳስረዳው፣ እንደ ወይንና እንደ ስንዴ ያለው ነገር ሲጠቀሙበት የሚያልቅ ስለሆነ መጠቀሚያው ከነገሩ ሊለይ አይችልም፤ ቤት ግን ሰው እየኖረበት ሳያልቅ የሚቆይ በመሆኑ፣ ባለቤትነቱን ሳይለቁ መኖሪያነቱን ብቻ ማከራየት ይቻላል። ገንዘብን ከወይኑ ወገን ስለመደበው ወለድን ባወገዘበት ብዕር ኪራይን ፈቀደ። የቤት ብድር ይህን ክፍፍል ያደናግራል፤ የተበደሩት የሚያልቀውን ገንዘብ ነው፣ ያገኙት ደግሞ የማያልቀውን ቤት ነው። የምሳሌው ተበዳሪ ቤቱን ባይገዛ ኖሮ ያንኑ የመሰለ ቤት በወር 60,000 ፍራንክ ይከራይ ነበር ቢባል፣ በመጀመሪያው ወር ከከፈለው ወለድ አብዛኛው ኪራይ ሆኖ የሚወጣ ነበር። ስለዚህ ከ20 ሚሊዮኑ 10 ሚሊዮኑን ቀንሶ ቀሪውን ኪሳራ ማለት፣ 20 ዓመት በቤቱ ውስጥ መኖሩን በነጻ መቁጠር ነው።

ኪራይና ወለድ አንዱ የሌላው ምትክ ሊሆኑ እንደሚችሉ ኢትዮጵያውያን ከአኲናስ መማር አላስፈለጋቸውም። ወለድ አገድ የሚባለው ሥርዓት፣ ገበሬው መሬቱን ወይም ባለቤቱ ቤቱን ለአበዳሪው ሰጥቶ፣ አበዳሪው በወለዱ ፈንታ ምርቱን እየበላ ወይም ቤቱን እየኖረበት፣ ዋናው ገንዘብ ሲመለስለት ብቻ ንብረቱን የሚለቅበት ውል ሲሆን፣ የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ ራሱን የቻለ ክፍል ሰጥቶታል፤ በገጠርም መሬት በወለድ አገድ መያዝ የሚታወቅ ነገር ነው። ውሉ ጨካኝ ሊሆን ይችላል፤ ድሀው ዋናውን ማግኘት ካቃተው አበዳሪው መሬቱን እስከ ልጅ ልጅ ሊበላው ይችላልና። ነገር ግን አንድ ነገር አይደብቅም፦ ባለዕዳው የገዛ ማሳው በሌላ ሰው በሬ ሲታረስ በየክረምቱ ያያል። በባንክ ውል ደግሞ ባለዕዳው ከቤቱ ሳይወጣ፣ ቁልፉ በኪሱ እያለ፣ የሚከፍለው ዘመን ከዓይኑ ይሰወራል።

በዚህ ላይ 20 ዓመት ሙሉ ገንዘቡ ያው ገንዘብ ሆኖ ይቆያል ወይ የሚል ጥያቄ አለ። የጅቡቲ ፍራንክ ከ1949 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ከአሜሪካ ዶላር ጋር የታሰረ ሲሆን፣ ከ1973 እ.ኤ.አ. ወዲህ አንድ ዶላር 177.721 ፍራንክ ሆኖ ኖሯል፤ በፍራንክ የተገባ ዕዳ ስለዚህ በመጨረሻውም ዓመት ቢሆን በዶላር ሲመዘን ያንኑ ያህል ይከብዳል። ከጅቡቲ በሚነሣው የባቡር ሐዲድ ሌላ ጫፍ፣ በአዲስ አበባ፣ ነገሩ ተገላቢጦሽ ነው። ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. የብር ምንዛሪ ለገበያ ሲለቀቅ፣ 57 ብር ገደማ የነበረው ዶላር በጥቂት ወራት ውስጥ ከእጥፍ በላይ ሆነ፤ ከዚያ በፊት በቋሚ ክፍያ የብር ዕዳ የገባ ሰው ሳያስበው ዕዳው ቀለለለት፣ ለቤት ብሎ በባንክ ሲቆጥብ የኖረው ግን ቁጠባው በእጁ ላይ ሟሸሸ። በ2005 ዓ.ም. ለ10/90፣ ለ20/80 ወይም ለ40/60 የጋራ መኖሪያ ቤት ተመዝግበው በየወሩ በኢትዮጵያ ንግድ ባንክ ሲቆጥቡ ከኖሩት መካከል ብዙዎች ከ10 ዓመት በላይ ዕጣ ሲጠብቁ ቆይተዋል። ከእነዚህ አጠራሮች የመጀመሪያው ቁጥር ተመዝጋቢው የሚቆጥበው፣ ሁለተኛው ባንኩ የሚያበድረው የመቶኛ ድርሻ ነው፤ በመጠበቅ ያለፈው ዘመን ግን በየትኛውም ውስጥ አልተቆጠረም። ለነዚህ ሰዎች የቤት ብድሩ ዋጋ መከፈል የጀመረው ብድሩ ሳይፈቀድ ነው።

ዘመንን በግልጽ ቆጥሮ መሸጥ አዲስ ጥበብ አይደለም። በኦሪት ዘሌዋውያን ምዕራፍ 25 መሠረት መሬት ሲሸጥ ዋጋው የሚወሰነው እስከሚቀጥለው ኢዮቤልዩ፣ ማለትም መሬት ሁሉ ወደ ቀድሞ ባለቤቱ እስከሚመለስበት 50ኛው ዓመት ድረስ በቀሩት አዝመራዎች ብዛት ነው፤ ዓመቱ ሲበዛ ዋጋው ይወጣል፣ ሲያንስ ይወርዳል፤ ሻጩ የሚሸጠው የአዝመራ ቁጥር ነውና። ምክንያቱም መሬቱ የእግዚአብሔር ስለሆነ፣ ሰውም በላዩ እንግዳ ስለሆነ ነው። በዚያው ምዕራፍ ስለ ቤት የተነገረው ግን ሰባኪዎች እምብዛም አያነሡትም፦ ቅጥር በሌለው መንደር ያለ ቤት እንደ እርሻ ተቆጥሮ በኢዮቤልዩ ሲመለስ፣ በቅጥር በታጠረ ከተማ ውስጥ የተሸጠ ቤት ግን ሻጩ በ1 ዓመት ውስጥ ካልተቤዠው ለዘለዓለም የገዢው ይሆናል። ሕጉ የገበሬውን መሬት ከዕዳ ሲጠብቅ የከተሜውን ቤት ለገበያ ትቶታል።

ሜኔሊክ አደባባይ ራሱ ስሙን ያገኘው ከተያዘ ዘመን ታሪክ ጋር ተያይዞ ነው። ጅቡቲ ነጻ በወጣችበት ቀን፣ ሰኔ 20 ቀን 1969 ዓ.ም. (በፈረንጆች 27 ጁን 1977)፣ የተሰየመ መንግሥታዊ ስም ቢኖረውም ሰው የሚጠራው በንጉሠ ነገሥቱ በዳግማዊ ምኒልክ ስም ነው፤ ንጉሠ ነገሥቱንና ከተማዋን ያስተሳሰረው ደግሞ ባቡር ነው። ዳግማዊ ምኒልክ በ1886 ዓ.ም. ለአማካሪያቸው ለአልፍሬድ ኢልግ የሰጡት የባቡር ሥራ ፈቃድ የ99 ዓመት ነበር። ኩባንያው ገንዘብ ሲያጥረው በ1894 ዓ.ም. ከፈረንሳይ መንግሥት ጋር ተዋውሎ፣ ለ50 ዓመት በየዓመቱ 500,000 ፍራንክ ድጎማ ሊቀበል፣ በምላሹም በመስመሩ ላይ ለመንግሥቱ ሥልጣን ሊሰጥ ተስማማ፤ ምኒልክም ያላወቁት ውል በመሆኑ ተቆጡ። ባቡሩ በ1895 ዓ.ም. ድሬዳዋ ደርሶ ቆመ፣ ኩባንያው ከሰረ፣ ሐዲዱም አዲስ አበባ የገባው ንጉሠ ነገሥቱ ካረፉ በኋላ በ1909 ዓ.ም. ነው። የዛሬን ጉድለት በነገ ሥልጣን የሚሞላ ውል፣ ተበዳሪው ኩባንያም ይሁን ወር ጠባቂ ሠራተኛ፣ ጠባዩ ተመሳሳይ ነው፤ ልዩነቱ ኩባንያው ቢከስር ሐዲዱ መቅረቱ፣ ሠራተኛው ቢከስር ግን ከቤቱ መውጣቱ ነው።

ከዚህ ላይ የሃይማኖት ሕግጋት ያዩትና የወለድ ሠንጠረዥ የማያሳየው ነገር ይታያል። በ325 እ.ኤ.አ. በኒቅያ የተሰበሰቡት 318ቱ ሊቃውንት በ17ኛው ቀኖና በወር ከመቶ አንድ ወለድ የሚቀበል ካህን ከሹመቱ እንዲሻር ወሰኑ፤ በወር ከመቶ አንድ ማለት በዓመት 12 በመቶ ነው። የኢትዮጵያ የፍትሐ ብሔር ሕግ በቁጥር 2479 ተዋዋዮች ሊስማሙበት የሚችሉት ከፍተኛ ወለድ ብሎ ያስቀመጠው ያንኑ 12 በመቶ መሆኑ ግጥምጥሞሽ ቢሆንም ያስገርማል፤ የባንክ ብድር ደግሞ ይህን ጣሪያ ሲያልፍ ይታያል። ቅዱስ ባስልዮስ በመዝሙር 14 ላይ በሰበከው ስብከት ያተኮረው ግን በመቶኛው ላይ አልነበረም፤ ባለዕዳው ቀን እየቆጠረ እንቅልፍ ማጣቱን፣ ወለድ የሚያመጡትን ወራት መፍራቱን ነው የገለጸው። ቁርኣንም በአል-በቀራ ምዕራፍ ወለድን ካወገዘ በኋላ፣ በ280ኛው አንቀጽ ባለዕዳው ከተቸገረ እስኪመቸው ድረስ ጊዜ እንዲሰጠው ያዛል። በነዚህ ሕግጋት ክፉ ቀን ሲመጣ ጊዜ የባለዕዳው ነው። በ1990 ዓ.ም. የወጣው የኢትዮጵያ አዋጅ ቁጥር 97 ደግሞ፣ ባንክ በመያዣነት የያዘውን ንብረት ፍርድ ቤት ሳይሄድ የ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ሰጥቶ በሐራጅ እንዲሸጥ ይፈቅዳል፤ 20 ዓመት የታሰበው ውል በ30 ቀን ማስጠንቀቂያ ሊቋጭ ይችላል። ያለዚህ ሥልጣን ባንኮች ለብዙ ሰው ለማበደር አይደፍሩም ነበር የሚለው መከራከሪያ ቀላል አይደለም፤ ቢሆንም ያልታወቀውን ነገ፣ በሽታውን፣ ከሥራ መባረሩን፣ የቤት ዋጋ መውደቁን፣ ተሸካሚው ማን እንደሆነ አዋጁ በማያሻማ ቃል ይናገራል።

የቤት ብድር እውነተኛ ዋጋ የሚለካው በዚህ ነው። ወለድና ኪራይ ሊካካሱ ይችላሉ፣ የገንዘብ መርከስም አንዱን ጎድቶ ሌላውን ሊጠቅም ይችላል፤ የማይካካሰው ገና ያልመጣው ዘመን ሸክም በማን ጫንቃ ላይ እንደወደቀ ነው። በ35 ዓመቱ የፈረመ ሰው የ55 ዓመቱን ሰው ሳያማክር አስይዞታል፤ ያ ሰው ሥራ ሊቀይር፣ አገር ሊለቅ፣ የታመመች እናቱን ሊያስታምም ሲያስብ ሁሉ አስቀድሞ ባንኩን መጠየቅ አለበት።

በዚህ ሚዛን ሲመዘን ከወለድ ነጻ የሚባለው ውል ሁሉ አንድ ዓይነት አይደለም። ሙራበሓ የሚባለው፣ ባንኩ ቤቱን በ10 ሚሊዮን ገዝቶ ትርፉን በግልጽ ጨምሮ ለደንበኛው በ20 ዓመት ክፍያ የሚሸጥበት ሽያጭ፣ ዋጋው ከመነሻው የተቆረጠ በመሆኑ ደንበኛው ቢዘገይ ዕዳው አይወልድም፤ የመዘግየት ቅጣት ቢኖር እንኳ ለባንኩ ገቢ ሳይሆን ለበጎ አድራጎት መዋል እንዳለበት የዘርፉ ደንብ ያዛል። ይህ እውነተኛ ልዩነት ነው፤ ነገር ግን ትርፉ በገበያው ወለድ ልክ ተሰፍሮ ከቀረበና ሸክሙ ሁሉ በገዢው ላይ ከወደቀ፣ ቀድሞ ለሚከፍል ሰው ቅናሽ መስጠትም በብዙ ሊቃውንት ዘንድ በውል የሚገባ ግዴታ ስላልሆነ፣ ደንበኛው ከወለድ ብድሩ በላይ ሊታሰር የሚችልበት መንገድ አለ። እየቀነሰ የሚሄድ ሙሻረካ ግን ሌላ ነው፤ ባንኩና ደንበኛው ቤቱን በጋራ ገዝተው፣ ደንበኛው በባንኩ ድርሻ ልክ ኪራይ እየከፈለ ድርሻውን ቀስ በቀስ ይገዛል፤ ቤቱ በእሳት ቢወድም ወይም ቢፈርስ ባንኩም በድርሻው ይከስራል። በዚህ ውል ነገን የሚሸከሙት ሁለቱም ናቸው። በኢትዮጵያ በ2013 ዓ.ም. ሥራ የጀመረውን ዘምዘም ባንክን የመሰሉ ተቋማት ሊፈረዱ የሚገባቸውም ከእነዚህ ውሎች የትኛውን በብዛት እንደሚሰጡ ታይቶ ነው፤ ሙራበሓን ብቻ የሚሸጥ ባንክ ከወለድ ይራቅ እንጂ ከደንበኛው ነገ አልተካፈለም።

በወለድም ይሁን ያለ ወለድ የሚያበድር ተቋም፣ በአዲስ አበባም ሆነ በሜኔሊክ አደባባይ አጠገብ፣ ከፊርማ በፊት ለተበዳሪው ማሳየት ያለበት ወርኃዊ ክፍያውን ብቻ አይደለም። የክፍያ ሠንጠረዡን ሙሉ አውጥቶ፣ በ120ኛው ወር የሚቀረው ዕዳ ስንት እንደሆነ በጣት ሊያመለክት፣ ተበዳሪው በዚያ ወር ቢታመም ወይም ከሥራ ቢወጣ ምን እንደሚደረግም በጽሑፍ ሊያስቀምጥ ይገባል፤ ተበዳሪውም እነዚህን ሁለት ነገሮች በወረቀት ሳያይ ሊፈርም አይገባም።