የባሕር ዛፉ ጉቶ

በዘንዘልማ ሁለት ጎረቤታሞች ነበሩ አሉ። የአንዱ ማሳ ዳጉሳ፣ የሌላው ባሕር ዛፍ ነው። ዛፉ እስከ ወሰኑ ጥግ ተተክሎ አደገና ጥላው ከላይ፣ ሥሩ ከታች ወደ ጎረቤቱ ተሻገረ። የወሰን ዳሩ ዳጉሳ ቀጨጨ። ባለ ዳጉሳው ዛፉ እንዲነሣና የሦስት ዓመት ኪሣራ እንዲከፈለው ከሰሰ። ባለ ዛፉም «በገዛ መሬቴ ነው የተከልሁት» ሲል መልስ ሰጠ።

ቀጠሮ ቀጠሮን ወለደ። በዘር፣ በአረም፣ በአጨዳ ጊዜ የዓባይን ድልድይ ተሻግረው ባሕር ዳር ፍርድ ቤት ደጅ ይውላሉ። አንድ መንገድ ሄደው አንድ አግዳሚ ላይ ይቀመጣሉ፤ ሰላምታ ግን የለም።

ሽማግሌ ገባ። ጠላ ተቀዳ፣ «ይቅር ለእግዜር» ተባብለው ተሳሳሙ። አንዱ «እቆርጣለሁ»፣ ሌላው «ክሴን አነሣለሁ» አለ። ስንት ዛፍ፣ እስከ መቼ፣ የትኛው ይቅደም ብሎ የጠየቀ አልነበረም። አንዱ ዛፉ እስኪቆረጥ፣ ሌላው ክሱ እስኪነሣ ሲጠባበቁ ቀጠሮው ደረሰ። ማንም አልዋሸም፤ ሁለቱም ግን ተከዳሁ አሉ።

ትልቁ ሽማግሌ ሁለቱን ወሰኑ ላይ ወስደው አምና የተቆረጠ አንድ ጉቶ አሳዩአቸው። ዙሪያውን አቆጥቁጧል።

«ልጆቼ፣ የኛም እርቅ እንዲህ ነው የሆነው። ከላይ ቆረጥን፤ ጉቶውን መዝገብ ቤት ተውነው።»

ዳግም ተቀመጡ፤ አሁን የሚጽፍ ሰው አለ። ባለ ዛፉ በወሰኑ በኩል ያሉትን ሁለት ረድፎች እስከ ሚያዝያ 30 ሊቆርጥ፣ ጉቶውንም ሊነቅል፤ ባለ ዳጉሳው የኪሣራ ጥያቄውን ሊተው፣ አጣና የጫነ ጋሪም በማሳው ዳር እንዲያልፍ ሊፈቅድ ተስማሙ። ሁለቱም አንዳች ጎደለባቸው። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ በቁጥር 3307 ግልግል የሚለውም ይህንኑ ነው፦ አንዱ ለሌላው እየተወ ያለን ክርክር የሚጨርሱበት፣ ሊመጣ ያለውንም የሚያስቀሩበት ውል።

«ይህን ያህል ተከራክረን አሁን ይቻላል ወይ?» ብለው ዳኛውን ጠየቁ።

«በማናቸውም ጊዜ ይቻላል» አሉ ዳኛው። ወረቀቱን አነበቡ፤ ሕግንና መልካም ጠባይን የሚቃረን ነገር እንደሌለበት አዩ፤ በየተራም ፈቅደው መፈረማቸውን አረጋገጡ። ከዚያ ስምምነቱን አጽድቀው መዝገቡን ዘጉ። «ከእንግዲህ ይህ በመካከላችሁ እንደ መጨረሻ ፍርድ ነው፤ ያጎደለ እንደ ፍርድ ይፈጸምበታል።»

ሚያዝያ ሳይወጣ ባለ ዛፉ ሁለቱን ረድፎች ቆርጦ ጨረሰ። ጉቶው ግን ሥሩ ጠልቆ አስቸገረው። ላቡን ጠርጎ ቀና ሲል ባለ ዳጉሳው ዶማ ይዞ ቆሟል።

«ወንድም ዓለም፣ ይሄ እኮ በወረቀቱ የኔ ድርሻ ነው» አለው።

«አውቃለሁ» አለና በወዲያኛው በኩል መቆፈር ጀመረ።