ከጉድጓዱ በፊት ፊቱ ጠቁሯል

የጃሂሊያ ዘመን ሲወሳ ብዙዎቻችን ቀድሞ ትዝ የሚለን ሴት ልጁን ከነሕይወቷ የሚቀብረው አረብ ነው። በየኹጥባው ሰምተነዋል፤ ለልጆቻችንም ነግረናል። ስንነግራቸው ግን ጉዳዩ ከ1,400 ዓመት በፊት ተዘግቶ ያለቀ፣ የዘጋነውም እኛ እንደሆንን አድርገን ነው። እስቲ ቁርኣን ነገሩን በምን ቅደም ተከተል እንደሚያወሳው እናስተውል። በሱረቱ አን-ነሕል ውስጥ ሰውየው ሴት ልጅ እንደተወለደችለት ሲበሠር መጀመሪያ የሚሆነው ፊቱ መጥቆሩ ነው። ቀጥሎ ንዴቱን ውጦ ከሰው ይሸሸጋል። ውርደቱን ችሎ ያኑራት ወይስ አፈር ያልብሳት እያለ የሚያመነታው ከዚያ በኋላ ነው። እኔ እንደምረዳው ወቀሳው ቀባሪውን ብቻ ሳይሆን በውርደት የሚያኖራትንም ይነካል። ጥፋቱ የጀመረው ገና እጁ አካፋ ሳይጨብጥ ነውና።

ዛሬ ጉድጓድ የለም። አልትራሳውንድ አለ። ከእናትየዋ በሚቀዳ ደም የጽንሱን ፆታ በ10ኛው ሳምንት ገደማ የሚለይ ምርመራ አለ። ከማሕፀን ውጭ ከተፀነሱት መካከል ወንዱን ብቻ መርጦ የሚያስገባ ሕክምናም አለ። ፊቱ የጠቆረው አባት ልጅቷን ሳያያት ነገሩ ያልቃል። በተፈጥሮ ለ100 ሴቶች 105 ያህል ወንዶች ይወለዳሉ፤ ይህ ቁጥር በአንድ አገር 110፣ 115 ሲደርስ የማንም በር ሳይንኳኳ በየቤቱ ምን እንደተሠራ ይታወቃል። የምጣኔ ሀብት ሊቁ አማርትያ ሴን እ.ኤ.አ. በ1990 ባወጣው ጽሑፍ በዓለም ላይ ከ100 ሚሊዮን በላይ ሴቶች እንደጎደሉ አስልቶ ነበር። በስሌቱ ውስጥ ተወልደው ሳለ ሕክምናና ምግብ እየተነፈጋቸው ያለቁትም አሉበት።

መንግሥታት ታዲያ ምን አደረጉ? ደቡብ ኮሪያ በ1987 ሐኪም የጽንሱን ፆታ ለወላጆች እንዳይናገር በሕግ ከለከለች። ከሦስት ዓመት በኋላ፣ በ1990፣ ለ100 ሴቶች 116 ያህል ወንዶች ተወለዱ። (ያ ዓመት በእነርሱ አቆጣጠር የፈረስ ዓመት ነበር፤ በፈረስ ዓመት የተወለደች ሴት እልኸኛ ትሆናለች የሚል እምነት አላቸው። ኮከብ ቆጠራና አልትራሳውንድ በአንድ ክሊኒክ ሲገናኙ እንዲህ ነው።) ከሁሉ የሚያስደነግጠው በአወላለድ ተራ ሲታይ ነው። በመጀመሪያው ልጅ ላይ ሚዛኑ ብዙም አልተናጋም። በሦስተኛው ላይ ግን በ1993 ለ100 ሴቶች ከ200 በላይ ወንዶች ተወልደዋል። ሕጉ በነዚህ ዓመታት ሁሉ በሥራ ላይ ነበር።

ሚዛኑ ከ1990ዎቹ አጋማሽ ጀምሮ መመለስ ያዘ፤ በ2007 ገደማም ወደ ተፈጥሮው ደረሰ። በመሐሉ ሴቶች ልጆች ተምረው ሥራ ያዙ፤ ወላጆቻቸውንም መጦር ጀመሩ። ከተማ የገባ ቤተሰብ ወንድ ልጅን ለእርሻ መጠበቁን ተወ። የቤተሰብ አለቅነትን በወንድ መስመር የሚያወርደው “ሆጁ” የተባለው ሥርዓት በ2005 በፍርድ ቤትና በምክር ቤት ተሽሮ ከ2008 ጀምሮ ቀረ። የዝምታ ሕጉም በ2009 ላላ፤ ከ32ኛው ሳምንት በኋላ መናገር ተፈቀደ። የቀረውን ክልከላ የአገሪቱ ሕገ መንግሥታዊ ፍርድ ቤት በ2024 አነሳው። አጥሩን ለማፍረስ የደፈሩት ሌባው ስለቀረ ነው። አጥር አያስፈልግም ማለቴ አይደለም፤ ሌባውን ያስቀረው ግን አጥሩ አልነበረም።

ሕንድ ተመሳሳይ ሕግ በ1994 አውጥታ በ2003 አጠንክራዋለች። ሆኖም ከሰባት ዓመት በታች ባሉ ልጆች ዘንድ በ1991 ለ1,000 ወንዶች 945 ሴቶች የነበሩት በ2001 ወደ 927 ወረዱ፤ በ2011 ደግሞ ከ920 በታች ሆኑ። የልጅቷ ቤተሰብ ለሙሽራው የሚከፍለው ጥሎሽ በ1961 በሕግ ቢከለከልም በተግባር አልቀረም። ሐኪሙ አንደበቱን ቢዘጋ ፈገግታው ይናገራል።

እዚህ ላይ “ይህ የሂንዱዎች ጣጣ ነው” የሚል ወንድም አይጠፋም። የጃሙና ካሽሚር አብዛኛው ነዋሪ ሙስሊም ነው። በዚያ በ2001 ቆጠራ ለ1,000 ወንዶች ልጆች 941 ሴቶች ነበሩ። በ2011 ግን 862 ብቻ ተገኙ። አዘርባጃንም ለ100 ሴቶች ከ115 በላይ ወንዶች የተወለዱባቸው ዓመታት አሏት፤ ክርስቲያን ጎረቤቷ አርመንያም እንደዚሁ። ያችኑ ሱራ በሚቀራባቸው ቤቶች ማለት ነው።

ይህ ጉዳይ በመካከላችን ሲነሳ ቶሎ ወደ ቀን ቆጠራ እንሄዳለን። ሩሕ የሚነፋው በ120ኛው ቀን ነው፤ ከዚያ በፊት ስላለው ዑለሞች ተለያይተዋል። ክርክሩ ክቡር ነው፤ እኔም ፈትዋ ልሰጥ አልተቀመጥኩም። ግን የቀኑን ክርክር እናቆየውና፣ ምንም ጽንስ ሳይጠፋ ወንድ ብቻ እንዲፀነስ ተደረገ እንበል። ማን ተበደለ? የሞተ የለም፤ ያልተፀነሰች ልጅም ከሳሽ አትሆንም። ቀላል መልስ የለውም። በኔ እምነት የተበደለችው በቤት ውስጥ ያለችው ታላቅ እህት ናት። እንዳንቺ ያለች ሌላ እንዳትመጣብን ገንዘብ ከፈልን ተብላለችና።

“ወንድ መመኘት ራሱ ኃጢአት ነው?” ለሚል፣ አይደለም። የዒምራን ሚስት በማሕፀኗ ያለውን ለቤተ መቅደስ አገልግሎት ስትሳል የጠበቀችው ወንድ ነበር። ሴት ስትወለድ ግር አላት፤ ነገር ግን ስም አወጣችላት፣ ለአላህም አደራ ሰጠቻት። ልጅቷ መርየም ናት። ምኞቷ ሳይሞላ ፊቷ አልጠቆረም።

ሌላም የሚቀርብብን ጥያቄ አለ፤ ሊድበሰበስ አይገባውም። “ለወንድ ዐቂቃ ሁለት በግ፣ ለሴት አንድ፤ በውርስም ለወንድ ሁለት እጅ፣ ለሴት አንድ እጅ የምትሉት እናንተው አይደላችሁም ወይ?” ይሉናል። የቤቱ ወጪ በወንዱ ላይ ስለተጣለ ነው እንላለን። መልሱ ልክ ነው፤ የሚጸናው ግን ድርሻዋ በእጇ ሲገባ፣ ወጪዋም በእርግጥ ሲሸፈንላት ነው። “ለወንድሞቼ ትቻለሁ” ብላ በለቅሶ ቤት የምትፈርም እህት የትኛውን ሚዛን አገኘች? ፓኪስታን በ2011 ሴትን ከውርስ መከልከል በእስራት የሚያስቀጣ ወንጀል ነው ብላ የደነገገችው ሸሪዓው ስለረሳት አይደለም። ሸሪዓው የሰጣትን ቤተሰቧ ስለሚነፍጋት ነው።

ከሁሉ ሥር ያለው ግን “ስሜን ማን ያስጠራልኛል?” የሚለው ስጋት ነው። የነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ) ወንዶች ልጆች በሕፃንነታቸው ሲሞቱ ከመካ ሹማምንት መካከል “ዘሩ የተቆረጠ” ብሎ የተሳለቀ ነበር፤ ሱረቱል ከውሠር በዚህ ምክንያት እንደወረደች ሙፈሲሮች ያወሳሉ። የነቢዩ ዝርያ የቀጠለው በልጃቸው በፋጢማ ነው። ሸሪፍ ነኝ፣ ሰይድ ነኝ የሚል ሁሉ ሐረጉን ሲቆጥር በአንዲት ሴት ልጅ በኩል ያልፋል። ያው ሰው ሦስተኛ ሴት ልጁ ስትወለድ እንግዳ እንዳይመጣበት በሩን ሲዘጋ ማየት ይገርማል።

ወደ አገራችን እንምጣ። በኢትዮጵያ የውልደት ሚዛን በምርጫ አልተዛባም፤ አልሐምዱሊላህ። ነገር ግን ሰው ብዙ ሲወልድ ወንዱን ደጋግሞ ይጠብቃል እንጂ አይመርጥም። ምርጫው የሚመጣው ልጅ ሲያንስ ነው። በአዲስ አበባ አንዲት ሴት በአማካይ የምትወልደው በ2000ው ጥናት 1.9፣ በ2016ው ደግሞ 1.8 ልጅ ነበር። አልትራሳውንዱም በየሰፈሩ አለ። የኮሪያ ቤተሰቦች የቆሙበት በር ላይ ደርሰናል ማለት ነው፤ የሚለየን ለሴት ልጅ ያለን ግምት ብቻ ነው።

ግምታችንን ለማወቅ ደግሞ ሩቅ መሄድ አያሻም። ጅዳ ወይም ቤይሩት ሰው ቤት እየሠራች ለወላጆቿ ገንዘብ የምትልክ ልጅ በየመንደራችን አለች። ጣሪያውን በቆርቆሮ ያለበሰችው፣ የአባቷን መድኃኒት የምትገዛው፣ ታናናሾቿን የምታስተምረው እሷ ናት። የቤቱ ካርታ ሲወጣ ግን በወንድሟ ስም የሚወጣበት ጊዜ ብዙ ነው። እናትየዋን ለምን ብትሏት፣ “እሷማ ለሰው ቤት ናት” ትላለች።