የወንድም ሥጋና የወንድም ፈቃድ

ሰው ለነገር ሁሉ ስም ያወጣል፤ ስም ካወጣለት በኋላም ነገሩን የጨበጠው ይመስለዋል። ስም ግን መንገድ መሪ የመሆኑን ያህል አሳሳችም ይሆናል። የዚህ ጽሑፍ አሳብ የተነሣው በአንድ ስም ተሳስቼ ከፈጸምሁት ጥፋት ነውና፣ አንባቢ ሆይ፣ አስቀድሜ እርሱን ልናገር።

በደብረ ማርቆስ ከምኖርበት ሰፈር ሁለት መንታ ወንድማማች ይኖሩ ነበር። ጎረቤቱ ሁሉ የየራሳቸውን ስም ትቶ «መንታዎቹ» እያለ ይጠራቸው ነበር። ከዕለታት አንድ ቀን አንደኛው ኩላሊቱን ታመመ፤ ሕመሙም ጠንክሮ ደሙ በመኪና እየታጠበ መኖር ጀመረ። ሐኪሞች የዘመድ ኩላሊት ቢገኝለት እንደሚሻለው በነገሩት ጊዜ ሽማግሌዎች በቤቱ ተሰበሰቡ። እኔንም «አንተ የተማርህ የመንግሥት ሠራተኛ ነህና የሐኪሙን ወረቀት ታነብልናለህ» ብለው ጠሩኝ። ጤነኛው መንታ ከበሩ አጠገብ ተቀምጦ ነበር። አንድ አባት ወደ እርሱ ዞረው «ልጄ፣ የአጥንትህ ፍላጭ የሥጋህ ቁራጭ አይደለምን? ምን የሚታሰብ ነገር አለው?» አሉት። እኔም ከእርሳቸው ቀጥዬ «መንታ እኮ አንድ ሥጋ ነው፤ ሕክምናውም የሚለው ይኸንኑ ነው» አልሁ። ልጁ አንገቱን ደፍቶ ጥቂት ከቆየ በኋላ «እሺ» አለ። ሁላችንም መረቅነው፤ ቡናም ተፈላ።

በዚያ ቀን በተናገርሁት ቃል ውስጥ ሁለት ስሕተት ነበረበት። አንደኛው የዕውቀት ስሕተት ነው፤ ሁለተኛውና የሚከብደው ደግሞ የምግባር ስሕተት ነው። ሁለቱንም በየተራ እመረምራለሁ።

በመጀመሪያ ስለ ዕውቀቱ እንናገር። በአማርኛችን ከአንድ ሰው አካል ተወስዶ በሌላ ሰው አካል ለሚገባ ብልት የወጣለት ስም «ንቅለ ተከላ» ነው። ቃሉ ከገበሬ የተገኘ ነው። በቡሬ በኩል በርበሬ የሚያመርት ሰው ችግኙን በመደብ ላይ ያፈላና ክረምቱ ሲገባ ነቅሎ በማሳው ይተክለዋል። የሌሎች አገሮች ሊቃውንት ሥራውን በሌላ ግንድ ላይ በሚጣበቅ ቅርንጫፍ መስለው «ግራፍት» ይሉታል። እነርሱ ይኸን ስም እንደ ለጋሹና እንደ ተቀባዩ ዝምድና በአራት ይከፍሉታል። ከሰውየው ከራሱ አካል ተወስዶ በራሱ አካል ሌላ ቦታ የሚተከለው «አውቶግራፍት» ይባላል፤ በእሳት የተቃጠለ ሰው ከጭኑ ቆዳ ተወስዶ እጁ እንደሚሸፈንለት ያለ ነው። በተፈጥሮ ውርሳቸው ፍጹም እኩል በሆኑ በሁለት ፍጥረታት መካከል የሚደረገው «አይሶግራፍት» ነው። ከአንድ ወገን በሆኑ ነገር ግን ውርሳቸው በተለያየ፣ ለምሳሌ ከሰው ወደ ሰው የሚደረገው «አሎግራፍት» ይባላል። ከአንድ የፍጥረት ወገን ወደ ሌላ፣ ለምሳሌ ከአሳማ ወደ ሰው የሚደረገው ደግሞ «ዜኖግራፍት» ነው።

እነዚህ ስሞች የተገኙት ከግሪክ ነው፤ «አውቶ» ራስ፣ «ኢሶ» እኩል፣ «አሎ» ሌላ፣ «ዜኖ» ባዕድ ማለት ነው። ቀድሞ ከሰው ወደ ሰው የሚደረገው «ሆሞግራፍት» ይባል ነበር፤ «ሆሞ» ማለትም ተመሳሳይ፣ አንድ ዓይነት ማለት ነው። ነገር ግን ስሙ «አንድ ዓይነት» ቢለውም የተቀባዩ አካል «ሌላ ነህ» እያለ ይመልሰው ነበር። ስለዚህ በአውሮፓ አቆጣጠር በ1961 እንግሊዛዊው ሊቅ ፒተር ጎረርና ባልደረቦቹ የስሞቹ አከፋፈል እንዲታረም «ኔቸር» በተባለው መጽሔት ላይ አሳብ አቀረቡ፤ ከዚያ ወዲህ «ሌላ» የሚለው ስም ቦታውን ያዘ። ሊቃውንት ስማቸውን ለማረም አላፈሩምና እኔም ቃሌን ለማረም ማፈር አይገባኝም።

አካል ባዕዱን ከዘመዱ የሚለየው እንዴት ነው? ይኸን ለጎጃም ሰው ማስረዳት አይቸግርም። የገጠር መሬት አዋጅ በ1967 ዓ.ም. እስኪሽረው ድረስ በአገራችን ርስት የሚጠይቅ ሰው ከዋናው አባት ጀምሮ በአባቱም በእናቱም በኩል ትውልድ ይቆጥር ነበር፤ ቆጥሮ ያልደረሰ ድርሻ አልነበረውም። የሰው አካልም እንዲሁ ያለ ቆጣሪ አለው። በአካላችን ጥቃቅን ሕዋሳት ላይ ከአባትና ከእናት የተወረሱ ምልክቶች ተጽፈዋል። በደም የሚዘዋወሩት ዘበኞች፣ ማለት ነጭ የደም ሕዋሳት፣ እነዚህን ምልክቶች እየመረመሩ የቤቱን ልጅ ያሳልፋሉ፤ እንግዳውን ይዋጋሉ። እያንዳንዱ ልጅ ከአባቱ ሁለት ክፍል ምልክቶች አንዱን፣ ከእናቱም ሁለት ክፍል አንዱን ይወርሳል። ስለዚህ አንድ አባትና አንድ እናት የወለዷቸው ሁለት ልጆች በእነዚህ ምልክቶች ፈጽመው የመመሳሰላቸው ዕድል ከአራት አንድ፣ በእኩሌታው የመመሳሰላቸው ከአራት ሁለት፣ ፈጽመው የመለያየታቸውም ከአራት አንድ ነው።

ይህ ዘበኛ የማይረሳ ነው። በአውሮፓ አቆጣጠር በ1943 ጊብሰንና ሜዳዋር የተባሉ ሁለት ሊቃውንት በግላስጎ ከተማ በእሳት ለተቃጠለች አንዲት ሴት ከወንድሟ ቆዳ ተወስዶ በተተከለላት ጊዜ የሆነውን መዘገቡ። የመጀመሪያው ቆዳ ጥቂት ጊዜ ቆይቶ ወደቀ። ከዚያው ወንድም ሁለተኛ ጊዜ የተወሰደው ግን ከመጀመሪያው ይልቅ ፈጥኖ ወደቀ። አካሏ የወንድሟን ሥጋ እንግዳ ብሎ አውቆት ነበርና ዳግመኛ በመጣ ጊዜ አልዘገየም። ፒተር ሜዳዋር በዚህ ነገር ላይ ምርምሩን ቀጥሎ በ1960 የኖቤል ሽልማት ተካፋይ ሆነ።

መንታዎችስ? መንታ ሁለት ዓይነት ነው። አንዱ ዓይነት ከሁለት እንቁላል በአንድ ጊዜ የተፀነሰ ነው፤ እንዲህ ያሉት መንታዎች ማኅፀንን በአንድ ወራት ከመካፈል በቀር ዝምድናቸው ከማናቸውም ወንድማማች አይበልጥም። ዔሳውና ያዕቆብ በአንድ ማኅፀን አድረው አንዱ ጠጉራም ሌላው ለስላሳ ሆነው እንደ ተወለዱ እናውቃለን። ያዕቆብ የፍየል ጠቦት ቆዳ እጁ ላይ አድርጎ የአባቱን ዳሰሳ አታለለ፤ የአካልን ዘበኛ ግን እንዲህ አድርጎ ማታለል አይቻልም። ሁለተኛው ዓይነት መንታ አንዱ እንቁላል ከተፀነሰ በኋላ ለሁለት ተከፍሎ የሚገኘው ነው። የተፈጥሮ ውርሳቸው እኩል ስለ ሆነ አንዱ የሌላውን ብልት ቢቀበል ዘበኛው ዝም ብሎ ያሳልፈዋል፤ ሌላው ተቀባይ ዕድሜውን ሙሉ የሚወስደውን ዘበኛ የሚያስታግሥ መድኃኒት እነዚህ ብዙም አይሹትም። «አይሶግራፍት» የሚለው ስም በሰው ዘንድ የሚነገረው ለእንዲህ ያሉት ብቻ ነው።

የእኛ ሰፈር መንታዎች ዓባይን ተሻግረው አዲስ አበባ በተመረመሩ ጊዜ ከሁለት እንቁላል የተፀነሱ መሆናቸው ታወቀ። ምልክታቸውም የሚመሳሰለው በእኩሌታው ነበር። ልግሱ ይቻላል፤ ነገር ግን እንደ ማናቸውም ወንድማማች በመድኃኒት እየተደገፈ ነው። «አንድ ሥጋ ናቸው» ብዬ የመሰከርሁት ምስክርነት ውድቅ ሆነ።

አሁን ወደ ሁለተኛው ስሕተት እንለፍ። መንታዎቹ ከአንድ እንቁላል የተፀነሱ ቢሆኑ ኖሮ ቃሌ ትክክል ይሆን ነበርን? አይሆንም። ስሙን አጥብቀን ብንመረምር «ኢሶ» የሚለው እኩል እንጂ አንድ አይልም። «ራስ» የሚለው ስም የተጠበቀው ለአንድ ሰው ለራሱ ብቻ ነው። ፍጹም በሚመሳሰሉ መንታዎች መካከል እንኳ የጣት አሻራቸው ይለያያል፤ አንዱ ሲቈስል ሌላው አይደማም። የራሴን ቆዳ ከጭኔ ወደ እጄ ባዛውር የማንንም ፈቃድ አልጠይቅም። የወንድሜን ግን፣ ከእኔ ጋር ፍጹም እኩል ቢሆንም፣ እርሱን ሳልጠይቅ ልወስድ አልችልም። ስለዚህ የሥጋ ዘበኛ «ይለፍ» ባለበት ስፍራ ሁሉ ሌላ ዘበኛ ገና ይቀራል፤ እርሱም ፈቃድ ነው።

ይኸን ነገር ሥራው በተጀመረበት ታሪክ ውስጥ እናየዋለን። በታኅሣሥ 14 ቀን 1947 ዓ.ም. በአሜሪካ በቦስተን ከተማ ዶክተር ጆሴፍ መሪና ባልደረቦቹ ከሮናልድ ሄሪክ አንድ ኩላሊት ወስደው ለመንታ ወንድሙ ለሪቻርድ ተከሉለት። ሁለቱ ሃያ ሦስት ዓመታቸው ነበር። ሐኪሞቹ አስቀድመው የአንዱን ቆዳ በሌላው ላይ ተክለው እንዳልወደቀ አይተዋል። የሥጋው ነገር በዚህ ተፈጸመ። ሐኪሞቹን ያስጨነቃቸው ግን ሌላ ነበር፤ ሕመም የሌለበትን ሰው ለራሱ ጤና ለማይጠቅመው ነገር በቢላዋ መክፈት ይገባልን? ሐኪም አስቀድሞ እንዳይጐዳ የታዘዘ ነውና። በዋዜማው ሌሊት በሽተኛው ሪቻርድ ለወንድሙ ወደ ቤቱ እንዲመለስ የሚል ወረቀት ላከለት። ሮናልድም እዚሁ እቈያለሁ ብሎ መለሰለት። ሪቻርድ ከዚያ በኋላ ትዳር ይዞ ስምንት ዓመት ኖረ፤ ሮናልድ ደግሞ በአንድ ኩላሊት እስከ 2003 ዓ.ም. መጀመሪያ ኖሮ በሰባ ዘጠኝ ዓመቱ ዐረፈ። ዶክተር መሪም በአውሮፓ አቆጣጠር በ1990 የኖቤል ሽልማት ተቀበለ።

ለእኔ ከቀዶ ጥገናው ይልቅ የሚደንቀኝ ያች ወረቀት ናት። ሞት ደጁ የቆመ በሽተኛ ለወንድሙ በሩን ከፈተለት። ወንድሙም በሩ ተከፍቶለት ሳለ ቀረ። በሩ ባይከፈት ኖሮ መቅረቱ መቅረት ባልተባለ ነበር። በ1957 በአውሮፓ አቆጣጠር የማሳቹሴትስ ዳኞች አካለ መጠን ስላላደረሱ መንታዎች በተጠየቁ ጊዜ፣ ከእነርሱም ውስጥ ገና የአሥራ አራት ዓመት ልጆች ነበሩ፣ ውርሳቸው እኩል መሆኑን ብቻ አይተው አልፈቀዱም። ጤነኛው ልጅ ነገሩን ማስተዋሉንና መውደዱን፣ ወንድሙም ቢሞት በልቡ የሚደርስበትን ጉዳት መረመሩ። ሕፃን እንዲህ ከተጠየቀ ጎልማሳ እንዴት ሳይጠየቅ ይቀራል?

ይህ ነገር በአገራችን ሩቅ አይደለም። የቅዱስ ጳውሎስ ሆስፒታል ሚሌኒየም ሕክምና ኮሌጅ በአሜሪካ የሚሺጋን ዩኒቨርሲቲ እየረዳው በ2008 ዓ.ም. መጀመሪያ የኩላሊት ንቅለ ተከላ ሲጀምር ሥራው የቆመው በሕይወት ባለ ዘመድ ልግስ ላይ ነበር። ይህም ለንግድ በር እንዳይከፈት የሚጠብቅ መልካም አጥር ነው። ነገር ግን በገበያ የማይገዛው ሥጋ በሽማግሌ ፊት ሊገደድ ይችላል። ገንዘብ ያላደረገውን እፍረት ያደርገዋል። እኛ የጎጃም ሰዎች ዝምድናን አጥብቀን እንወዳለን፤ ይህ ጌጣችን ነው። ዘመድን ስንወድ ግን የዘመድን አካል እንደ ጋራ ርስት ቈጥረን «ድርሻዬን» እንዳንል መጠንቀቅ አለብን። በፈቃድ የተሰጠ ስጦታ ይባላል፤ በግድ የተሰጠ ግብር ነው። ግብር ከፋዩም ተቀባዩም በልባቸው አይደሰቱም።

«እንግዲያስ ወንድሙ እንዲሞት ዝም ይበልን?» የሚል ይኖራል። ጥያቄው ቀላል አይደለም፤ እኔም አላቀለውም። ራሱን ለወንድሙ የሚሰጥ ሰው ከፍ ያለ ሥራ ሠርቷል፤ ይኸንንም ለልጆቻችን ማስተማር ይገባል። ነገር ግን ከፍ ያለ ሥራ የሚሆነው ላለመሥራት ሲቻል ነው። መምከር፣ ማስረዳት፣ የበሽተኛውን ጭንቅ መንገር የተፈቀደ ነው። እምቢ የማለትን መንገድ መዝጋት ግን የተፈቀደ አይደለም። እምቢ ባይ ቢወቀስም ወቀሳው በሕሊናውና በፈጣሪው ዘንድ ነው።

ጤነኛው መንታ ከአዲስ አበባ ከተመለሰ በኋላ አንድ ማታ ከቢሮ ስወጣ መንገድ ላይ አገኘኝ። «ሐኪሟ ብቻዬን አስገብታ ጠየቀችኝ» አለኝ። «ወንድሜም፣ ዘመዶቼም በሌሉበት። ባልፈልግ ምክንያቱን ለማንም ሳትናገር፣ ለልግስ አይሆንም ብላ ብቻ እንደምታሰናብተኝ ነገረችኝ። ጋሼ፣ በሕይወቴ ብቻዬን የተጠየቅሁት ያን ዕለት ነው።» ምን ብሎ እንደ መለሰላት አልነገረኝም፤ እኔም አልጠየቅሁትም። በሽማግሌዎቹ ፊት ስለ ተናገርሁት ቃል ግን ይቅርታ ጠየቅሁት። ከዚያ ወዲህም «መንታዎቹ» ማለትን ትቼ ሁለቱንም በየስማቸው እጠራቸዋለሁ።

አንባቢ ሆይ፣ «ንቅለ ተከላ» የሚለውን ስማችንን እንደ ገና እንመልከተው። ቃሉ ከመተከሉ በፊት መነቀሉን ያስቀድማል፤ ይህም ሰጪውን እንዳንረሳ የሚያሳስበን ነው። ከመደብ የተነቀለ ችግኝ ስፍራው አያመውም፤ ከሰው የተነቀለ ግን ስፍራው ሕያው ነው። እንግዲህ በየቤታችን እንዲህ ያለ ነገር በመጣ ጊዜ፣ ሽማግሌ ሆነን የተቀመጥን ሁሉ ወጣቱን ከመመረቃችን በፊት «ብትሰጥም ልጃችን ነህ፣ ባትሰጥም ልጃችን ነህ» እንበለው። ሐኪም የሥጋን ምልክት በመሣሪያ ይቈጥራል፤ ልብ ያሰበውን ኩላሊት ያጤሰውን የሚያውቅ ግን አንድ ፈጣሪ ብቻ ነው። እኛ ሰዎች ይኸን ለማወቅ ያለን መንገድ ሰውየውን ለብቻው መጠየቅና መልሱን መቀበል ነው።