ስምን መልአክ ያወጣዋልን?

«ስምን መልአክ ያወጣዋል» የምንለው መቼ ነው? ጀግናው የተባለ ልጅ በጦር ሜዳ ጀግንነቱ ሲታይ፣ ደስታ የተባለች ሴት ቤቱን በሳቅ ስትሞላው፣ ማለትም ነገሩ ከሆነ በኋላ ነው። ሀብታሙ ተብሎ በድህነት ያረጀ ሰው ሲያጋጥመን ተረቱን አናነሣውም። ምስክር ሆኖ የሚቆመው በሚያሸንፍበት ሸንጎ ብቻ ስለሆነ ተረትቶ አያውቅም።

ቢሆንም አላጣጥለውም። ልጅ ሞቶባቸው ሌላ ሲወልዱ ካሳ፣ ምትኩ፣ ማስረሻ የሚሉ ወላጆች ስም የሚያወጡት ለመጥሪያ ያህል አይደለም። ሐዘናቸውን ይናገሩበታል፤ ሕፃኑንም ገና በእቅፍ ሳለ የጎደለውን እንዲሞላ አደራ ያስይዙታል። ያ ልጅ ስሙ በተጠራ ቁጥር ከርሱ በፊት አንድ ሰው እንደነበረ ይሰማል። ይህ በሰው ሕይወት ላይ የሚሠራ ኀይል ነው።

ይህን ኀይል ከስም ወደ ቋንቋ ሁሉ አስፍተው በሳይንስ መልክ ያሰቡት ደራስያን አሉ፤ ሳይንሱ ግን የልብ ወለድ ነው። አሜሪካዊው ጃክ ቫንስ እ.ኤ.አ. በ1958 ባሳተሙት መጽሐፍ ፓኦ በምትባል ዓለም የሚኖረው ሕዝብ ከመታዘዝ በቀር ሌላ አያውቅም። ለተዋጊው፣ ለባለሙያው፣ ለነጋዴው የተለያየ ቋንቋ ይፈጠርና ልጆች በዚያ ሲያድጉ ሕዝቡ ይለወጣል። ሱዜት ሄደን ኤልጂን ግን ነገሩን ለልብ ወለድ ብቻ አልተዉትም። የቋንቋ ሊቅ ነበሩና እ.ኤ.አ. በ1982 የሴቶችን ስሜትና አስተያየት በቀላሉ የሚገልጽ ላዳን የተባለ ቋንቋ ሠሩ፤ ከሁለት ዓመት በኋላ ባሳተሙት ልብ ወለድም አስገቡት። ሴቶች ይቀበሉት እንደሆነ ለማየት አሥር ዓመት ጠበቁ። ጥቂቶች ተማሩት እንጂ የሴቶች ቋንቋ አልሆነም። ሰዋስውም መዝገበ ቃላትም ነበረው፤ ያጣው ተናጋሪ ነው። እኔ ከፓኦ ድል ይልቅ ይህን ውድቀት አምነዋለሁ።

በአገራችን ታሪክ ለተረቱ ትልቁ ምስክር የደረስጌ ማርያም ቤተ ክርስቲያን ናት። «ፍካሬ ኢየሱስ» የተባለው የትንቢት መጽሐፍ ከመከራ ዘመን በኋላ ቴዎድሮስ የሚባል ጻድቅ ንጉሥ እንደሚነሣ ይናገራል። የቋራው ካሳ ኃይሉ በየካቲት 1847 ዓ.ም. በአቡነ ሰላማ እጅ ተቀብተው ሲነግሡ ይህን ስም ያዙ። በዘመነ መሳፍንት የተንገላታው ሕዝብ ስሙን ሲጠብቀው የኖረ ስለሆነ ለመቀበል አልተቸገረም፤ ኤልጂን ያጡትን ጆሮ ካሳ አገኙ። ነገር ግን የትኛው እንደቀደመ ልብ እንበል። ንግሡ የተፈጸመው ተቀናቃኛቸው ደጃዝማች ውቤ ድል በሆኑ በጥቂት ቀናት ውስጥ፣ ውቤ ለራሳቸው ንግሥ ባሠሩት በዚያው በደረስጌ ማርያም ቤተ ክርስቲያን ነው። ጦርነቱን ያሸነፈው ካሳ ነው፤ ቴዎድሮስ የመጣው ከዚያ በኋላ ነው። ትንቢቱ ተስፋ ያደረገው ሰላምም አልመጣም፤ ንጉሡ ሚያዝያ 6 ቀን 1860 ዓ.ም. መቅደላ ላይ በገዛ እጃቸው ሞቱ። ከእርሳቸው ከአራት መቶ ዓመት በላይ ቀድመው በዚያው ስም የነገሡት ቀዳማዊ ቴዎድሮስ ደግሞ በዙፋኑ ላይ አንድ ዓመት እንኳ አልቆዩም። ስሙ አንድ፣ ዕድሉ ለየቅል ነው።

እኔን ግን ከንጉሥ ስም ይልቅ የቀጥቃጩ ስም ያሳስበኛል። ማረሻውን የሚሠራልንን ሰው፣ ምጣዱንና ጀበናውን የምትሠራልንን ሴት «ቡዳ» ብለን ጠራን። በእጃቸው ሥራ አረስን፣ በእጃቸው ሥራ ጋገርን፤ ልጃችንን ግን አልዳርንላቸውም፤ ሕፃን ሲታመምም «ቡዳ በላው» እያልን ወደነርሱ ተመለከትን። ቀጥቃጭና ሸክላ ሠሪ የነበሩ ቤተ እስራኤላውያንም ይኸው ስም ተለጥፎባቸው ኖረዋል። እዚህ ላይ ቃል በእርግጥ እውነት ፈጥሯል፦ ማን ከማን እንደሚጋባ፣ ማን ከማን ማዕድ እንደሚቀርብ፣ ማን ከመንደሩ ዳር እንደሚሰፍር ወስኗል። ይህን ስም ያወጣው መልአክ የለም፤ ያወጣነው እኛ ነን።

ዳግማዊ ምኒልክ በ1900 ዓ.ም. ባስነገሩት አዋጅ ሠራተኛን በሥራው መስደብ ከለከሉ፤ ተሳዳቢው እንደሚቀጣም አስታወቁ። ከዘመኑ የቀደመ ትልቅ አዋጅ ነው፤ ከጦር ድሎቻቸው ያላነሰ ሊወሳላቸው የሚገባ ይመስለኛል። ሆኖም ስድቡ አዋጁን ተሻግሮ ከብዙ ዓመታት በኋላም በየገጠሩ ይሰማ ነበር። አዋጁንና ላዳንን ያጋጠማቸው ችግር አንድ ነው፤ በአንድ ሰው ፈቃድ ቃል አይተከልም፣ በአንድ ሰው ትእዛዝም አይነቀልም። ዕድሜ የሚሰጠው በየቤቱ፣ በየገበያው የሚደጋግመው ሰው ሁሉ ነው።

ስለዚህ ተረቱን ለልጅ ስም እቀበለዋለሁ፤ ምርቃት ነውና። ለሙያ፣ ለጎረቤት፣ ለሕዝብ በሚለጠፍ ስም ላይ ግን አልቀበለውም፤ የእኛን ሥራ በመልአክ ያሳብባል። አንባቢ ሆይ፣ በእርስዎ ሰፈር እንዲህ ያለ ስም እስከ ዛሬ የሚነገር ከሆነ፣ እባክዎ ቢያንስ በልጆችዎ ፊት አይጥሩት።