ስለ አንዲት ልጅ ስም

በስመ አብ ወወልድ ወመንፈስ ቅዱስ አሐዱ አምላክ አሜን።

ባለፈው ክረምት በሰንበት ትምህርት ቤታችን አዳዲስ ሕፃናትን ስንመዘግብ አንዲት እናት የስድስት ዓመት ልጃቸውን በእጃቸው ይዘው መጡ። «ስሟ ማን ይባላል?» አልናቸው። «ኤልዳና» አሉን። መዝገቡን የያዘው ወንድማችን ብዕሩን ከወረቀቱ አነሣና «ትርጉሙ ምንድን ነው?» ሲል ጠየቃቸው። እናትየዋ ጥቂት ዝም አሉና «እኔ እንጃ ወንድሜ፤ ሲጠሩት ደስ ስለሚል ነው» ብለው መለሱ። ሌላው ወንድማችን ደግሞ ቀልድ መስሎት «ታዲያ የክርስቲያን ስም ጠፍቶ ነው?» አለ። እኛም ሳቅን። ልጅቱ ግን አልሳቀችም፤ ፊቷን በእናቷ ነጠላ ውስጥ ሸሸገች። እናትየዋም «የክርስትና ስሟ ወለተ ማርያም ነው፤ እንግዲያው እሱን ጻፉት» ብለው አስመዘገቡና ሄዱ። በሚቀጥለው እሑድ ልጅቱ አልመጣችም። ከዚያም በኋላ በነበረው እሑድ አልመጣችም።

ይህችን አነስተኛ ጽሑፍ እንድናዘጋጅ ያስገደደን ያ ሳቅ ነው። በዚያ ሳምንት እርስ በርሳችን ብዙ ተከራከርን። ከፊሎቻችን «ትርጉም የሌለው ስም ባዶ ዕቃ ነው፤ ወላጆችን ልንመክር ይገባናል» አልን። ከፊሎቻችን ደግሞ «ስም የሚያወጣ ወላጅ ነው፤ እኛን ምን አገባን?» አልን። ሁለቱም መልሶች አላረኩንም። ስለሆነም ጥያቄውን ከሥሩ ለመመርመር ወሰንን፤ ይኸውም አንድ ስም ትርጉሙን ከወዴት ያገኛል? የሚል ነው።

በመጀመሪያ ስሙን ራሱን እንመልከት። «ኤል» በዕብራይስጥ አምላክ ማለት እንደሆነ ሁላችንም እናውቃለን። ሚካኤል፣ ገብርኤል፣ ሳሙኤል በሚሉት ስሞች መጨረሻ ላይ፣ ኤልያስና ኤልሳቤጥ በሚሉት ደግሞ መጀመሪያ ላይ እናገኘዋለን። «ዳን» የሚለውን ከኦሪት ዘፍጥረት 30ኛ ምዕራፍ እናገኛለን፤ ራሔል እግዚአብሔር ፈረደልኝ ስትል ከአገልጋይዋ ከባላ ለተወለደው ልጅ ያወጣችው ስም ነው። ነቢዩ ዳንኤልም ስሙ «እግዚአብሔር ዳኛዬ ነው» ማለት ነው። ግእዙ «ደየነ»፣ አማርኛው «ዳኛ» የሚሉት ከዚሁ ወገን ናቸው። እንግዲህ ኤልዳናን በዚህ መንገድ ካነበብነው ዳንኤል ተገልብጦ የተጻፈ ይመስላል። ይህ ዓይነቱ መገልበጥ ደግሞ በመጽሐፍ ቅዱስ ውስጥ እንግዳ አይደለም። ናትናኤልና ኤልናታን የሚሉት ሁለት ስሞች ከአንድ ዓይነት ቃላት የተሠሩ ናቸው፤ ሁለቱም እግዚአብሔር ሰጠ ማለት ናቸው፤ ልዩነታቸው የቃላቱ ቅደም ተከተል ብቻ ነው።

ነገር ግን አማርኛ ተናጋሪ ጆሮ ኤልዳና ሲባል ሌላም ነገር ይሰማል፤ «ዳነ»፣ «ዳነች» የሚለውን። ይህ ከግእዙ «ድኅነ» የመጣ ሌላ ቃል ነው። ስለዚህ በአንድ ስም ውስጥ አንዱ ፍርድን፣ ሌላው መዳንን ሊሰማ ይችላል። ይህ ሁሉ ለእኛ ለተማሪዎች ደስ የሚል ምርምር ነው። እውነቱን ለመናገር ግን ስሙን ያወጡት ወላጆች ይህን አልቆጠሩም። ከዘመዶቻችንና ከጓደኞቻችን መካከል ብንጠይቅ አንዱ የአምላክ ስጦታ ነው አለን፤ ሌላዋ ብርሃን ነው አለችን፤ ሦስተኛው ከፊልም የመጣ ነው አለ። ሁሉም በእርግጠኝነት ተናገሩ። እንግዲህ «እኔ እንጃ፤ ደስ ስለሚል ነው» ያሉት እናት ከሁሉም ይልቅ እውነተኛ መልስ ሰጥተው ነበር ማለት ነው። እኛ የሳቅነውም በዚያ እውነት ላይ ነበር።

«የዱሮ ስሞች ግን ትርጉም ነበራቸው» የሚል ይኖራል። እውነት ነው። ካሳነሽ የተባለችው ከሞተው ልጅ በኋላ የመጣች ካሳ ናት፤ ማስረሻ ሐዘን ለማስረሳት የተወለደ ነው፤ ዘነበች ዝናብ በጣለበት ዕለት የመጣች ትሆናለች። ስሙ የቤቱን ታሪክ ለጎረቤት የሚያስታውቅ ደብዳቤ ነበር። ይሁን እንጂ እነዚህም ቢሆኑ አንድ ቀን አንድ ወላጅ ከልቡ አውጥቶ የፈጠራቸው ናቸው። ከሰማይ የወረደ መዝገብ አልነበረም። አልማዝ የሚለውንስ እንመልከት። ዛሬ ከአልማዝ የበለጠ የኢትዮጵያዊት እናት ስም የሚመስል ምን አለ? ቃሉ ግን ከውጭ ከንግድ ጋር የገባ የዕንቁ ስም ነው። አያቶቻችን ሥሩን ሳይጠይቁ ልጆቻቸውን ጠሩበት፤ ልጆቹም በስሙ ኖሩበትና የእኛ ሆነ።

የምንኖርባት ከተማ ራሷ ምስክር ናት። አርባ ምንጭ በ1950ዎቹ በጨንቻ ፋንታ የጋሞ ጎፋ ጠቅላይ ግዛት ዋና ከተማ የሆነች አዲስ ከተማ ናት። ስሟም ከታች በጫካው ውስጥ ከሚፈልቁት ምንጮች የተወሰደ ነው። የአገራችንን ዋና ከተማ አዲስ አበባ ብለው የሰየሟት እቴጌ ጣይቱ ናቸው፤ ዘመኑም 1879 ዓ.ም. ነው። ዛሬ «ይህ የተፈጠረ ስም ነው» ብሎ የሚስቅ የለም።

በአንጻሩ ደግሞ አባያ ሐይቅን እናስብ። በ1888 ዓ.ም. ገደማ ቦቴጎ የተባለ ኢጣሊያዊ ተጓዥ ወደዚህ መጥቶ ሐይቁን በንግሥቲቱ ስም ማርጋሪታ ብሎ ሰየመው። ማርጋሪታ በግሪክ ዕንቁ ማለት ስለሆነ ትርጉሙ ያማረ ነው። በአውሮፓ ካርታዎች ላይም ብዙ ዓመታት ተጽፎ ኖረ። ነገር ግን በታንኳ ዓሣ የሚያጠምደው ሰው፣ ከብቱን የሚያጠጣው እረኛ ሐይቁን በዚያ ስም አልጠራውም። ስለዚህ ስሙ በወረቀት ላይ ቀረ። ከዚህ የምንማረው ነገር አለ፤ ስም የሚጸናው በሚጽፈው ሰው እጅ ሳይሆን በሚጠራው ሰው አፍ ነው።

በውጭው ዓለምም ነገሩ እንዲሁ ነው። ቫኔሳ የሚለው የሴት ስም እንግሊዝኛ ጸሐፊው ጆናታን ስዊፍት አስቴር ቫንሆምሪ ለተባለች ወዳጁ ከአባቷ ስም መነሻና ከራሷ ስም ቁልምጫ ገጣጥሞ የሠራው ነው። ስሙ ያለበት ግጥም እ.ኤ.አ. በ1726 ታተመ። ዛሬ በብዙ አገር ሴቶች ይጠሩበታል። በእኛም አገር ከአባትና ከእናት ስም ፊደል እየቆረጡ ለልጃቸው ስም የሚሠሩ ወላጆች አሉ። ሥራው ያው ነው።

እንግዲህ እነዚህ አዳዲስ ስሞች ሰውን የሚማርኩት ለምንድን ነው? አንደኛው ምክንያት ድምፃቸው ነው፤ «ለ» እና «ነ» የበዛባቸው፣ አፍ ላይ የሚለሰልሱ ናቸው። ሁለተኛው እምነት ነው፤ ኤልሻዳይ፣ ማራናታ፣ ቢታንያ፣ ኤፍራታ የሚሉት ስሞች በእኛ በኦርቶዶክሳውያን ቤትም በፕሮቴስታንት ጎረቤቶቻችን ቤትም ይጠራሉ። ሦስተኛው አንድ ክፍል ውስጥ ሦስት አልማዝ ሲኖሩ የሚፈጠረው ችግር ነው፤ ወላጅ ልጁ በስሟ ብቻዋን እንድትታወቅ ይመኛል።

አራተኛውን ምክንያት ግን ቀስ ብለን ልንናገረው ይገባል። አዲስ ስም ወገንን አይናገርም። ስሟን የሰማ ሰው ከየት እንደመጣች፣ አያቷ በምን ቋንቋ እንደሚጸልዩ አያውቅም። በመስከረም 2011 ዓ.ም. በቡራዩ አካባቢ የጋሞ ተወላጆች ተገደሉ የሚል መርዶ በመጣ ጊዜ በአርባ ምንጭ ወጣቶች በቁጣ ወጥተው ነበር። ያን ጊዜ የጋሞ ሽማግሌዎች እርጥብ ሣር ይዘው መንገድ ላይ ተንበረከኩና ወጣቶቹን መለሱ። ሽማግሌዎቹ የማንንም ስምና ዘር አልጠየቁም። አገሩ ሁሉ ግን እንደ እነርሱ አይደለም። ስም ሲጠራ ፊቱ የሚለወጥ ሰው ባለበት ዘመን «ልጄን በስሟ አይለዩብኝ» ብላ የምታስብ እናት ብትኖር ልንስቅባት እንችላለንን? የሚያሳፍረው የእርሷ ስም አወጣጥ ሳይሆን እንድትፈራ ያደረጋት ነገር ነው።

ሆኖም ከፍርሃት ሌላ ንቀትም አለ፤ ይህን ደግሞ አንደብቅም። ከደጋው ወደ ዩኒቨርሲቲ የመጣች አንዲት ጓደኛችን አያቷ ያወጡላትን ስም በመጀመሪያው ዓመት ትታ ሌላ የሚያምር ስም ያዘች። አያቷ ስልክ ሲደውሉላት ግን ወደ ውጭ ወጥታ በዱሮ ስሟ «አቤት» ትላለች። አዲሱን ስሟን አንነቅፍም። የሚያሳዝነን ወደ ውጭ መውጣቷ ነው። አዲስ ስም መልካም የሚሆነው አሮጌውን ሳያዋርድ ሲመጣ ነው። አዲስ ስም የግድ ከሩቅ ቋንቋ መምጣት አለበትን? በጋሞኛ ሳሮ ሰላም ነው፤ ሲቆ ፍቅር ነው፤ ኡፋይሳ ደስታ ነው። ለስላሳ ድምፅ የፈለገ ወላጅ ከደጃፉ ያለውን ምንጭ ትቶ ሩቅ ውኃ ለመቅዳት ለምን ይደክማል?

ወደ ቅዱስ መጽሐፍ ስንመለስ ደግሞ ሳቃችን የበለጠ ያሳፍረናል። የዘካርያስና የኤልሳቤጥ ልጅ በተወለደ ጊዜ ጎረቤቶችና ዘመዶች ተሰብስበው በአባቱ ስም ሊጠሩት ፈለጉ። እናቱ ዮሐንስ ይባል ስትል ከወገንሽ በዚህ ስም የተጠራ የለም ብለው ተቃወሟት። እኛም በዚያ እሑድ በእነዚያ ጎረቤቶች ቦታ ቆመን ነበር። እርግጥ ነው፤ ያን ስም ያመጣው መልአክ እንጂ የጊዜው ልማድ አይደለም። ስለዚህ ይህ ታሪክ አዲስ ስም ሁሉ ቅዱስ ነው አይለንም። አዲስነት በራሱ በደል እንዳልሆነ ግን ያሳየናል።

«የክርስቲያን ስም ጠፍቶ ነው?» ለሚለውም ቤተ ክርስቲያን አስቀድማ መልሳለች። ሴት ልጅ በ80 ቀኗ ስትጠመቅ የክርስትና ስም ይወጣላታል። ሥጋ ወደሙ ስትቀበል፣ በጸሎት ስትታሰብ የምትጠራው በዚያ ነው። ወለተ ማርያም ማለት የማርያም ልጅ ማለት ነው። ይህች ሕፃን በዓለም ኤልዳናም ትባል አልማዝ የዚያ ቤት ልጅ ናት። ስሙ አልጠፋም ነበር፤ ልንጠይቅ ያልፈለግነው እኛ ነን።

«እንግዲያው የስም ትርጉም ከንቱ ነውን?» ብላችሁ ትጠይቁን ይሆናል። ከንቱ አይደለም፤ ነገር ግን የመጨረሻ አይደለም። ይሁዳ ማለት ምስጋና ማለት ነው። ከዚህ የሚበልጥ ትርጉም ከየት ይገኛል? ሆኖም አስቆሮታዊው በስሙ የሠራውን ሥራ የሚያውቅ ክርስቲያን ወላጅ ለልጁ ይህን ስም ለማውጣት ያመነታል። ጳውሎስ ደግሞ በሮማይስጥ ትንሽ ማለት ነው። ይህን የመሰለ ታናሽ ስም የሐዋርያው ድካምና መከራ ታላቅ አደረገው። ስለዚህ ትርጉም ሁለት ጊዜ ይሰጣል ብለን እናምናለን፤ በመጀመሪያ ወላጅ በፍቅሩ፣ በኋላ ደግሞ ባለቤቱ በኑሮው ይሰጠዋል። መዝገበ ቃላት በሁለቱ መካከል ያለ አስተርጓሚ ብቻ ነው።

ለወላጆች የምናቀርበው ምክር ካለ ይህ ነው። ስሙ ልጁን ለመሳለቂያ አይስጠው። የማናውቀውን ትርጉም እናውቃለን ብለን አንዋሽለት። የሌላውን ስም ከመናቅም አይምጣ። ከዚህ ውጭ ያለው የወላጅ ደስታ ነው፤ ደስታም ከእግዚአብሔር የተሰጠ ነው።

በመጨረሻም ከእኛ መካከል ሁለታችን የቀለደውን ወንድማችንን ይዘን ወደ ሲቀላ ወርደን የእናትየዋን ቤት ጠይቀን አገኘን። ይቅርታ ጠየቅናቸው። ቡና አፈሉልን። በጨዋታ መካከል ስሙን ማን እንዳወጣው ጠየቅናቸው። «ታላቅ ወንድሟ ነው፤ ያን ጊዜ ስድስት ዓመቱ ነበር። ከትምህርት ቤት ሰምቶ መጣና እኅት ከተወለደችልኝ እንዲህ በሉልኝ ብሎ ለመነን» አሉን። ልጁም በር ላይ ቆሞ ያዳምጥ ነበር። ከዚህ የበለጠ ትርጉም ፈልገን አልጠየቅናቸውም።

በመዝገባችን ላይ ዛሬ «ኤልዳና፣ የክርስትና ስም ወለተ ማርያም» ተብሎ ተጽፏል። ልጅቱም ተመልሳ መጥታ መዝሙር እየተማረች ነው። የስሟን ትርጉም ዕድሜ ከሰጠን ከኑሮዋ እናነበዋለን። እስከዚያው ግን የእያንዳንዳችን ስም በሰዎች አፍ ምን ትርጉም እያገኘ እንደሆነ ራሳችንን እንድንመረምር እግዚአብሔር ይርዳን።

ወስብሐት ለእግዚአብሔር።