«ከዘመኑ የቀደመ» ሰው ዕዳ

ልጆቻችን በሚያዩአቸው ፊልሞችና በሚያነቧቸው ምናባዊ ታሪኮች ውስጥ ዓለም አንድ ብቻ አይደለችም። ጎን ለጎን የሚኖሩ ብዙ ዓለማት አሉ፤ የእያንዳንዳቸውም ጊዜ በየራሱ ፍጥነት ይፈሳል። ጀግናው ከአንዱ ወደ ሌላው ሲሻገር የጊዜ ጅረት ይደፈርሳል፤ ነገ ዛሬን ያጥለቀልቃል። አንባቢ «ተረት ነው» ብሎ ቢያልፈው አይፈረድበትም። እኔ ግን እንዲህ ያለ ታሪክ ባጋጠመኝ ቁጥር ትዝ የምትለኝ ጎንደር ናት።

አፄ ኢዮአስ በ1761 ዓ.ም. ከተገደሉ በኋላ የመጣውን ዘመን አበው «ዘመነ መሳፍንት» አሉት። ስሙ የመጽሐፍ ቅዱሱን የመሳፍንት ዘመን፣ ንጉሥ ያልነበረበትንና ሰው ሁሉ ደስ ያለውን ያደርግ የነበረበትን ጊዜ የሚያስታውስ ነው። ጊዜ ወደ ኋላ የፈሰሰ መስሎ ታይቷቸው ነበር ማለት ነው። በሌላ በኩል ፍካሬ ኢየሱስ ቴዎድሮስ የሚባል ጻድቅ ንጉሥ እንደሚነሣ ይናገር ነበር። በዚህ መካከል የቋራው ካሣ ኃይሉ ተነሡ። በየካቲት 1847 ዓ.ም. ሰሜን ውስጥ በደረስጌ ማርያም፣ በአቡነ ሰላማ እጅ ሲነግሡ የመረጡት ስም ያንኑ የትንቢቱን ስም ነበር። ሕዝብ በተስፋ የሚጠብቀውን ነገ እጁን ይዘው ወደ ዛሬ ጎተቱት።

አፄ ቴዎድሮስን ባነሣን ቁጥር «ከዘመናቸው የቀደሙ ነበሩ» እንላለን። እውነት አለው። የተበታተነውን አገር አንድ ለማድረግ፣ የባሪያ ንግድን ለማስቀረት፣ ዘራፊውን ወታደር በደመወዝ ለማሳደር፣ ጋፋት ላይ መድፍ ለማሠራት የተነሡት ሌላው ገና ሳያስበው ነው። አቤ ጉበኛ በ«አንድ ለናቱ»፣ ብርሃኑ ዘሪሁን በ«የቴዎድሮስ እንባ» ያነሡአቸው ያለ ምክንያት አይደለም። ይሁንና በ1859 ዓ.ም. ጎንደርን ያዘረፉትና ያቃጠሉት፣ አብያተ ክርስቲያናቷንም ያላስተረፉት እኚሁ ንጉሥ ናቸው። ለመሆኑ ቤቷ የነደደባት የጎንደር እናት በየትኛው ዘመን ነበር የምትኖረው? ንጉሡ ባዩት ነገ ውስጥ አልነበረችም። የነበረችው በዚያው በ1859 ነው፤ አመዱም የወደቀው በዚያው ዓመት ላይ ነው።

ሌላም ታሪክ አለ። በ1862 እ.ኤ.አ. አባ መሐሪ የተባሉ የቤተ እስራኤል መነኩሴ «የተስፋው ቀን ደርሷል» ብለው ከጎንደር አካባቢ ወገኖቻቸውን አስከትለው ወደ ኢየሩሳሌም ጉዞ ጀመሩ። ባሕሩ እንደ ሙሴ ዘመን እንደሚከፈልላቸው አምነው ነበር። ከትግራይ ግን አላለፉም። ብዙዎቹ በረሃብና በበሽታ በመንገድ ቀሩ፤ ከተረፉት ከፊሉ እዚያው ሰፈረ፣ ከፊሉ ተመለሰ። ከ129 ዓመት በኋላ፣ ግንቦት 16 እና 17 ቀን 1983 ዓ.ም.፣ ከ14,000 የሚበልጡ ቤተ እስራኤሎች በ36 ሰዓት ገደማ ውስጥ ከአዲስ አበባ ወደ እስራኤል በአውሮፕላን ተጓዙ። እንግዲህ አባ መሐሪ ተሳሳቱ እንበል ወይስ ቀደሙ?

እኔ መልሱ ያን ያህል ለውጥ ያመጣል አልልም። ኋላ የመጣው አውሮፕላን በመንገድ የቀረውን ሕፃን አላነሣውም። «የቸኮለች አፍሳ ለቀመች» ይባላል። የፈሰሰ እህል ይለቀማል፤ የፈሰሰ ሰው ግን አይለቀምም። ነገ እውነት ሆኖ መገኘቱ የዛሬን ሟች ዕዳ አይከፍልም።

«እንዲህ ከሆነማ ማንም ወደፊት አይራመድ» የሚል ይኖራል። እሱም አይሆንም። ዘመነ መሳፍንት ከ80 ዓመት በላይ የቆየው ሰው «ጊዜ ለኩሉ» እያለ በመጠበቁም ጭምር ነው፤ በዚያ ሁሉ ዓመት ገበሬው ይዘረፍ ነበር። መጠበቅም ሰው ይገድላል። ሁለቱም ሰዎች ቢሆኑ ሌላውን ልከው ራሳቸው ቤት አልተቀመጡም። አባ መሐሪ ከወገኖቻቸው ጋር ተጉዘዋል፤ አፄ ቴዎድሮስም በሚያዝያ 1860 ዓ.ም. መቅደላ ላይ በራሳቸው እጅ ሕይወታቸውን ሰጥተዋል። ልዩነቱ ሌላ ነው። አባ መሐሪን የተከተለው ቢያንስ አምኖ ተነሥቷል፤ ጎንደርን ግን የጠየቃት አልነበረም። በእናቱ ጀርባ የታዘለውን ሕፃን ደግሞ የጠየቀው ማንም የለም።

ስለዚህ ከዘመኑ የቀደመን ሰው የምለካበት ሚዛን ምን ያህል ሩቅ አየ የሚል አይደለም። ሲራመድ ወደ ኋላው ዞሮ የደከመውን ቆጥሯል ወይ? ሲያስፈልግስ ለመቆም ፈቅዷል ወይ? ዛሬም «ነገ ያመሰግኑናል» እያለ በዛሬ ሰው ላይ የሚጨክን አይጠፋም። ጎንደር ፒያሳ ላይ በቆመው በአፄ ቴዎድሮስ ሐውልት ሥር ሳልፍ አንገቴን በአክብሮት ዝቅ አደርጋለሁ። ከዚያ ወደ ፋሲል ግንብ ስሻገር ደግሞ ሐውልት ያልቆመላትን፣ ስሟ ያልተጻፈውን፣ በ1859 አመዷን ታፍስ የነበረችውን ሴት አስባታለሁ። ሁለቱንም በአንድ ልብ መያዝ ይከብዳል። ቢሆንም አንዱን ጥሎ ሌላውን ብቻ መያዝ ፍርድ አይመስለኝም።